ሥራዋ የተቃጠለ ተዋናይት

የኪነ ጥበብ ሥራዎች በሕልውናቸው ዓይነት በሁለት ሊከፈሉ ይችላሉ፤ አንደኛው እንደ ሐውልት፣ እንደ ሥዕልና እንደ መጽሐፍ ከያኒው ካለፈ በኋላ በራሱ የሚቆም ዕቃ ትቶ የሚሄደው ሲሆን፣ ሁለተኛው ደግሞ እንደ እስክስታና እንደ መድረክ ትወና በሚከወንበት ሰዓት ብቻ ኖሮ ክዋኔው ሲያበቃ አብሮ የሚያበቃው ነው። ሲኒማ በ19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ላይ ሲፈለሰፍ ትወናን ከሁለተኛው ወገን አውጥቶ ወደ አንደኛው ያሻገረው መስሎ ነበር፤ ተዋናይት አንድ ጊዜ አንገቷን ያዞረችበት አኳኋን በፊልም ላይ ከተቀረጸ በኋላ እንደ ብራና ጽሑፍ ለልጅ ልጅ ይተላለፋል ተብሎ ታምኖ ነበርና። ዳሩ ግን ትወናው የተቀረጸበት ዕቃ ራሱ ሲጠፋ ተዋናይቱ ምን ትሆናለች? ስሟ ቀርቶ ሥራዋ የጠፋ ከያኒት በምን ላይ ተመሥርቶ ይፈረድላታል ወይም ይፈረድባታል? ይህን ጥያቄ ከድምፅ አልባው ሲኒማ ዘመን ተዋንያን መካከል ከቴዳ ባራ ሕይወት ይበልጥ አጥብቆ የሚያነሣ ታሪክ ማግኘት ያስቸግራል። (ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ቴዳ ባራ በ1885 በአሜሪካ ኦሃዮ ግዛት፣ በሲንሲናቲ ከተማ፣ ከፖላንድ ከመጣ አይሁዳዊ ልብስ ሰፊ አባት ስትወለድ የወጣላት ስም ቴዎዶዥያ ጉድማን ነበር። በከተማዋ ዩኒቨርሲቲ ጥቂት ከተማረች በኋላ ወደ ኒውዮርክ ተሻግራ በመድረክ ተዋናይነት ብትሠራም ዝና አላገኘችም፤ በጥር 1915 ፍራንክ ፖውል ያዘጋጀው «አንድ ሞኝ ነበረ» የተባለው ፊልም ሲወጣ ግን በአንድ ጊዜ ስሟ ገነነ፤ በዚያን ጊዜ ዕድሜዋ 29 ነበር። በዚህ ፊልም የተጫወተችው ገጸ ባሕርይ የግል ስም እንኳን የላትም፤ የምትጠራው «ቫምፓየር» ተብላ ነው። ቃሉ በአውሮፓ ተረት ከመቃብር እየተነሣ የሰው ደም የሚመጥ ሙት ማለት ሲሆን፣ በፊልሙ ውስጥ ግን የወንዶችን ገንዘብ፣ ክብርና ዕድሜ መጥጣ ባዶ የምታስቀር ሴትን ያመለክታል፤ «ቫምፕ» የሚለው አጭር ቃል በእንግሊዝኛ ተናጋሪው ሕዝብ አፍ የተለመደውም በአብዛኛው በእርሷ ምክንያት ነው። ፊልሙን የሠራው የዊልያም ፎክስ ኩባንያ እግሩን የተከለው ከእርሷ ፊልሞች በተገኘው ገቢ ጭምር ነበር።

ኩባንያው ታዲያ የልብስ ሰፊን ልጅ እንዳለች ሊያሳይ አልፈለገም። በሰሃራ በረሃ ከፈረንሳዊ አባትና ከዐረብ እናት እንደተወለደች፣ የምሥጢራዊ ኃይል ባለቤት እንደሆነች አስወራ፤ የስሟ ፊደላት ቦታቸው ሲለዋወጥ በእንግሊዝኛ «የዐረብ ሞት» የሚል ሐረግ እንደሚሰጡም ለጋዜጦች ተነገረ። ይሁን እንጂ «ቴዳ» ቴዎዶዥያ የሚለው ስም ማቆላመጫ ነበር፤ «ባራ» ደግሞ ከእናቷ ቤተሰብ ስም ተቆርጦ የተወሰደ ነው። ተዋናይት በፊልም ውስጥ ሌላ ሰው መሆኗ የሙያው ግዴታ ሲሆን፣ ከፊልሙ ውጪም ሌላ ሰው እንድትሆን መገደዷ ግን የሰውነቷን ድርሻ የሚነጥቅ በደል ነው፤ ይህም በደል ከሞቷ በኋላ ሳይቀር አልለቀቃትም።

ከ1914 እስከ 1926 ባለው ጊዜ ወደ አርባ የሚጠጉ ፊልሞችን ሠርታለች፤ በ1917 የወጣውና ጄ. ጎርደን ኤድዋርድስ ያዘጋጀው «ክሊዮፓትራ» ከሁሉም የገነነው ነው። እነዚህ ሁሉ የተቀረጹት ናይትሬት በሚባል የፊልም ዓይነት ላይ ነበር፤ ናይትሬት ጥጥን ከመሰለ የዕፅዋት ጭረት በአሲድ ተዘጋጅቶ፣ ምስሉን የሚይዝ የብር ቅንጣት የተቀባበት ስስ ሉሕ ሲሆን፣ በዕድሜ ብዛት እየበሰበሰ ተቀጣጣይ ጋዝ ያወጣል፤ አንዴ ከተያያዘም ለመንደድ የሚያስፈልገውን ኦክስጅን በራሱ ውስጥ ስለያዘ ውኃ ውስጥ ተነክሮ እንኳን መንደዱን አይተውም። በሐምሌ 9 ቀን 1937 በኒው ጀርሲ ግዛት፣ ሊትል ፌሪ በተባለች ከተማ የነበረው የፎክስ የፊልም ማከማቻ በበጋው ሐሩር ተቀጣጥሎ ጋየ፤ ሰው ሞተ፤ ከ40,000 የሚበልጡ የፊልም ጥቅሎችም ወደሙ። ከእሳቱ በኋላ የተቃጠሉት ቆርቆሮዎች በጭነት መኪና ተግዘው፣ በውስጣቸው የቀረው ብር ተለቅሞ እንዲወጣ ተደረገ። የክሊዮፓትራ ዓይንና የእጇ እንቅስቃሴ የተጻፈበት ያ ብር፣ ምስል መሆኑ ቀርቶ በሚዛን የሚሸጥ ማዕድን ብቻ ሆነ።

የዚህ ጥፋት ጠባይ ከሌላ ጥፋት ጋር ሲነጻጸር ይበልጥ ይገለጣል። አማርኛ ተናጋሪው «በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል» ይላል፤ በሲኒማ ዘንድ ግን ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። ቅኔ ወረቀቱ ቢጠፋ እንኳን ከመምህሩ አፍ ወደ ደቀ መዝሙሩ ጆሮ ይሻገራል፤ ዜማም በሰው ጉሮሮ ውስጥ ተሸሽጎ ክፉ ቀንን ያልፋል። ምክንያቱም እነዚህ ሥራዎች በሰው ሊደገሙ የሚችሉ ናቸው። ፊልም ግን በቃል አይያዝም፤ «ክሊዮፓትራ»ን አሥር ጊዜ ያየ ተመልካች ታሪኩን ይተርክ እንደሆነ እንጂ አንዲቷን ቅጽበት እንኳን መልሶ ሊያሳይ አይችልም። ከዚህም የሚብሰው ተዋናይቱ ራሷ ልትደግመው አለመቻሏ ነው። ቴዳ ባራ ከእሳቱ በኋላ 18 ዓመት ኖራ በ1955 በሎስ አንጀለስ አረፈች፤ በእነዚያ ዓመታት ሁሉ ፊቱም እጁም የነበረው ሰው በሕይወት ነበረ፣ ሥራው ግን አልነበረም። ሥራ ከሠሪው በፊት መሞቱ በመድረክ ተዋናይ ላይ ሲደርስ የሙያው ባሕርይ ነው ይባላል፤ ሥራሽ አይሞትም ተብሎ በተነገራት ሴት ላይ ሲደርስ ግን የተሰጠ ቃል መታጠፉ ነው።

ከጥፋቱ ከተረፉት ጥቂት ፊልሞች መካከል «አንድ ሞኝ ነበረ» ይገኛል። በመርከብ ላይ በሚታየው ትዕይንት፣ የጣለችው ወዳጇ ሽጉጥ አውጥቶ ሲደግንባት፣ እርሷ አትሸሽም፤ እየሳቀች በያዘችው አበባ የሽጉጡን አፈሙዝ መታ መታ አድርጋ ገለል ታደርገዋለች፤ እርሱም ሽጉጡን ወደ ራሱ አዙሮ ይተኩሳል። በዚያ ትዕይንት ውስጥ ድምፅ የለም፤ የሰውየውን ሐሳብ የሚያስለውጠው የአበባዋ ቅለት ብቻ ነው። ተዋናይቱ ከባድ ነገርን በቀላል እንቅስቃሴ መግለጽን ታውቅ እንደነበር ለማረጋገጥ ይህች አንዲት ቅጽበት ትበቃለች።

ሆኖም ሕዝብ የሚያውቃት ከዚህ ትዕይንት ይልቅ በፎቶግራፎቿ ነው፤ ዓይኗን በኩል አጥቁራ፣ ጸጉሯን በትና በሰው አጽም ላይ ጎንበስ ያለችበት ሥዕል እስከ ዛሬ ይታተማል። ፎቶግራፉ የቆመ ነው፤ ትወና ግን በጊዜ ውስጥ የሚሄድ፣ ከአንዱ ሁኔታ ወደ ሌላው በመለወጥ የሚኖር ጥበብ ነው፤ ስለዚህ ከእሳቱ የተረፈው የኩባንያው ማስታወቂያ የፈጠራት ሴት ስትሆን፣ የተቃጠለችው ደግሞ የሠራችው ሴት ናት። ቴዳ ባራ ዡልየትን ተጫውታለች፤ ከተረፉት አንዱ በሆነው በ1916ቱ «ኢስት ሊን» ውስጥም ቤቷን ጥላ ሄዳ፣ ማንነቷን ሸሽጋ የገዛ ልጆቿ ሞግዚት ሆና የምትመለስ እናት ናት። አጽሙን ብቻ አይቶ ትወናዋ ግነት የበዛበት ነበር ብሎ የሚጽፍ ሐያሲ ከአርባው ምስክር ሁለት ሦስቱን ሰምቶ ፍርድ እንደሚሰጥ ዳኛ ነው።

የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት በ2013 ባወጣው ጥናት መሠረት፣ በአገሪቱ ከተሠሩት ወደ 11,000 የሚደርሱ ረጃጅም ድምፅ አልባ ፊልሞች በመጀመሪያ ቅርጻቸው ሙሉ ሆነው የተረፉት 14 በመቶው ብቻ ናቸው፤ ስለዚህ በዚያ ዘመን ተዋንያን ላይ የተሰጡት ብዙዎቹ ፍርዶች በጎደለ መዝገብ ላይ የተሰጡ ናቸው። የቴዳ ባራ መዝገብም በይደር ሊቆይ ይገባዋል። ከ«ክሊዮፓትራ» ዛሬ የሚታዩት ቁርጥራጮች ብቻ ናቸው።