መከላከያ የያዘ ሰው መጠንቀቅ ይቀርለታልን?

በጋ በገባ ቁጥር በአሽኬሎን የባሕር ዳርቻዎች ልጆች ክንዳቸው ላይ በአየር የተነፋ መንሳፈፊያ አጥልቀው ወደ ውኃው ሲሮጡ እናያለን። ብዙዎቻችን ያደግነው ከባሕር ርቀን፣ በደጋ አገር ነው፤ ዕቃውን ስንገዛ ልጁን ያዳንነው ይመስለናል።

በአልፕስ ተራሮች በበረዶ ላይ የሚንሸራተቱ ሰዎችም የዚህ ዓይነት ዕቃ አላቸው። የጀርባ ቦርሳ ነው፤ የበረዶ ናዳ ሲመጣ እጀታውን ሲስቡት በአየር ይነፋና ሰውየው ከበረዶው በላይ እንዲቀር ይረዳዋል። በ2014 እ.ኤ.አ. የወጣ አንድ ጥናት፣ በናዳ ክፉኛ ከተያዙት መካከል የሟቾቹን ቁጥር ቦርሳው ከ22 በመቶ ወደ 11 በመቶ እንደሚያወርደው ገምቷል። ቀላል ነገር አይደለም። ነገር ግን ከአምስቱ ቦርሳ አንዱ ሳይነፋ ቀርቷል፤ አብዛኛውን ጊዜም ባለቤቱ እጀታውን ስላልሳበው ነው።

ታዲያ ቦርሳ አለኝ ብሎ ናዳ ወደሚበዛበት የሚወጣ ሰው ምን አተረፈ? ያም ሆኖ እሱ አዋቂ ነው፤ በገዛ ነፍሱ ይወስናል (ሊፈልጉት የሚወጡትን ሰዎች ነፍስ ሳንቆጥር)። የአምስት ዓመት ልጅ ግን ጥቁር ባንዲራ መዋኘት ክልክል፣ ቀይ ደግሞ አደገኛ ማለት መሆኑን አያውቅም። ከየብስ የሚነፍስ ነፋስ የተነፋ ፍራሽን ወደ ጥልቁ እንደሚገፋም አያውቅም። የምንመርጥለት እኛ ነን።

መንሳፈፊያው ይገዛ፣ አልቃወምም። ማጺል የምንለው ነፍስ አዳኝ በሌለበት ሰዓት ልጁን ማስገባት ግን፣ በእኔ አስተያየት፣ በሌላ ሰው ነፍስ መወራረድ ነው። ማጺሉ ባለበትም ቢሆን አብረነው እንግባ፤ እጃችንን ስንዘረጋ ከምንደርስበት አይራቅ።