ጋሻና ጥንቃቄ

ሰው ከሞት የሚያድነውን መሣሪያ በገዛ ጊዜ ጥንቃቄው ይጨምራልን ወይስ ይቀንሳል? በአልፕ ተራሮችና በሰሜን አሜሪካ ጥበቃ ወደሌለበት ተራራ ወጥተው በበረዶ ላይ ለሚንሸራተቱ ሰዎች ይህ የሕይወት ጥያቄ ነው።

እነዚህ ሰዎች የበረዶ ናዳን ስለሚፈሩ የአየር ከረጢት ያለበትን የጀርባ ሻንጣ ይገዛሉ። እጀታው ሲሳብ ከረጢቱ በጥቂት ሴኮንድ ይነፋል፤ በሚንከባለል ነገር ውስጥ ትልቁ ከትንሹ በላይ ይወጣልና ሰውየውም ከበረዶው በላይ ይቀራል። አንዱ ሻንጣ በታመቀ አየር ይነፋል፤ ሌላው በባትሪ ማራገቢያ ይነፋልና ደጋግሞ ለመለማመድ ይመቻል።

እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ2014 የታተመ ጥናት፥ በብርቱ ናዳ ከተያዙት መካከል ከረጢታቸው ካልተነፋላቸው ከመቶ 22፥ ከተነፋላቸው ግን 11 እንደሚሞቱ ገምቷል። ዳግመኛም ከአምስቱ ከረጢት አንዱ ሳይነፋ ቀርቷል፤ ከዚህም የሚበዛው ባለቤቱ ስላላስነፋው ነው። ከዛፍና ከዐለት ጋራ መላተምንም ከረጢቱ ኹልጊዜ አይከለክልም።

እንግዲህ ብልህ ገዢ ክብደቱን ሳይሰለች የሚሸከመውን፥ እጁም በድንጋጤ ጊዜ እጀታውን የሚያገኝበትን ይመርጣል። የሚበልጠው ምርጫ ግን ከገበያ በኋላ ነው። ያለ ሻንጣው የማይደፍረውን ቁልቁለት በሻንጣው ተማምኖ ቢወርድ፥ የገዛውን ደኅንነት መልሶ ለድፍረት ሸጦታል። ብዙ ጊዜም ናዳውን የሚያስነሣው የራሱ ክብደት ነውና፥ ከበታቹ ያለውን ባልንጀራውን ያለ ፈቃዱ ለአደጋ ይሰጠዋል። ሻንጣው እንደሌለ ቈጥሮ መንገዱን የሚመርጥ፥ እንዳለም ዐውቆ እጀታውን የሚስብ ሰው ግን በኹለቱም ይጠቀማል።