ቀጠሮ ያለው ደራሽ

ሊሃይ ከታላላቆቹ ወንዞች አይቆጠርም። በአሜሪካ፣ በፔንሲልቫኒያ ግዛት፣ ከፖኮኖ ደጋ ረግረጎች ይነሳና 175 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ ኢስተን ከተማ ላይ ዴላዌር ወንዝን ይቀላቀላል። ረግረጉ ውሃውን ቡናማ አድርጎታል። የላይኛው ክፍሉ በጠባብ ገደል ውስጥ ከቋጥኝ ቋጥኝ እየተላተመ ይወርዳል፤ በረዶ ሲቀልጥና ዝናብ ሲበረታ ያስፈራል፤ ሰማዩ ሲነፍገው ደግሞ ድንጋዩን አውጥቶ ያሳያል። ስለ ሊሃይ ሳስብ ሐሳቤ ከከሰሉም ከጀልባውም አልፎ ጊዜ ላይ የሚያርፈው ለዚህ ነው። ወንዙ ውሃ ነበረው። ሰዎቹ የፈለጉት እነሱ ባሉት ሰዓት የሚመጣ ውሃ ነበር።

ጊዜን ለክቶ መውሰድ በዚህ ሸለቆ ከከሰሉም በፊት የነበረ ነገር ነው። በ1737 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው) የግዛቲቱ መሥራች የዊልያም ፔን ልጆች አንድ አሮጌ ውል አወጡና፣ የአገሬው የሌናፔ ሕዝብ፣ ሰው በአንድ ቀን ተኩል ሄዶ የሚደርስበትን ያህል መሬት ለአባታችን ሸጧል አሉ። ሌናፔዎች የመንገደኛ አካሄድ፣ እያረፉ እየተጫወቱ የሚሄዱት መስሏቸው ነበር። ፔኖች ግን ጫካውን አስቀድመው አስመንጥረው ሦስት ፈጣን ሰዎች ቀጠሩ። ከሦስቱ ዘልቆ የጨረሰው አንዱ ብቻ ነበር፤ የደረሰውም ዛሬ ጂም ቶርፕ ከምትባለው፣ በኋላ ሞክ ቸንክ በሚል ስም የከሰል ወደብ ከሆነችው ቦታ አጠገብ ነው። የሊሃይ ሸለቆ በዚያ ሩጫ ከባለቤቶቹ እጅ ወጣ።

ከሰሉ የተገኘው ከዚያ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላ ነው። በ1791 ፊሊፕ ጊንደር የተባለ ሰው ከሞክ ቸንክ በላይ ባለው ሻርፕ ተራራ ላይ ጥቁር፣ አንጸባራቂ ድንጋይ አገኘ። አንትራሳይት ነበር፤ ጠንካራው የከሰል ዓይነት፤ ጭሱ ጥቂት፣ ሙቀቱ ብዙ፣ ለማቀጣጠል ግን አስቸጋሪ። መጀመሪያ የገዙት ሰዎች ተናደውበታል። ፊላዴልፊያ ለውሃ ማከፋፈያዋ ምድጃ ብትሞክረው እሳቱን አጠፋው፤ የተረፈውም ተሰባብሮ መንገድ ላይ ፈሰሰ ይባላል።

ከዚያ ጦርነት መጣ። በ1812 ከእንግሊዝ ጋር የተጀመረው ጦርነት በባሕር ይመጣ የነበረውን ከሰል ሲያቋርጥ ፊላዴልፊያ አጠገብ ሽቦ የሚያመርቱት ጆሳያ ዋይትና ኧርስኪን ሃዛርድ ወደዚያ ግትር ድንጋይ ለመመለስ ተገደዱ። ሠራተኞቻቸው ሌሊቱን ሙሉ ሲቆሰቁሱት፣ ሲነካኩት አድረው እምቢ አላቸው። ተስፋ ቆርጠው የምድጃውን በር ዘግተው ሄዱ። ከመካከላቸው አንዱ የረሳውን ኮት ሊወስድ ቢመለስ የምድጃው በር በሙቀት ቀልቶ አገኘው። ይህ ታሪክ ከዚያ በኋላ ሲወራ ኖረ። እኔም እወደዋለሁ፤ ታሪኩ ሲደጋገም እንደ ተወለወለ ብጠረጥርም።

ዋይት ኩዌከር ነበር፤ ልታይ ልታይ የማይል፣ ነገር ግን ያመነበትን የማይለቅ ሰው። ከሰሉን ከተራራው ወደ ፊላዴልፊያ የሚያወርድ መንገድ አልነበረም፤ የነበረው ወንዙ ብቻ ነው። በ1818 የፔንሲልቫኒያ ምክር ቤት ለእሱና ለሸሪኮቹ ሊሃይን የመጥረግ ሙሉ መብት ሰጣቸው። ሕግ አውጪዎቹ የሰጧቸው ገንዘባቸውን የማክሰር መብት እንደሆነ አድርገው ይቀልዱ ነበር አሉ።

የዋይት ብልሃት ከወንዙ ጠባይ የተቀዳ ነው። የወንዙ ወለል ላይ በማጠፊያ የተያዙ ሁለት ሰፋፊ የሳንቃ በሮች አስተኛ፤ የአንዱ ጫፍ በሌላው ላይ ይደረባል። ከግድቡ በላይ ያለው ውሃ በጎን በተሠራ መተላለፊያ ከበሮቹ ሥር ሲገባ ግፊቱ ሁለቱንም ያነሳቸዋል፤ ተደጋግፈው ይቆማሉ፤ ውሃውም ከኋላቸው ይጠራቀማል። ከሥራቸው ያለው ውሃ ሲለቀቅ በሮቹ ተመልሰው ይተኛሉ፤ የተጠራቀመውም በአንድ ጊዜ ይወርዳል። ክረምት ላይ የመንደር ልጆች የጎርፉን ውሃ በጭቃ ገድበው፣ የወረቀት ጀልባቸውን ካሰለፉ በኋላ ጭቃውን በእግራቸው እንደሚጥሱት ማለት ነው። ሥራው ሲጀመር ምንድን ነው እያሉ የሚጠይቁ ተመልካቾች በዙና ሠራተኞቹ ሰልችቷቸው “የድብ ወጥመድ ነው” ብለው መለሱ። መሣሪያው በዚሁ ስም ቀረ።

እንግዲህ ይህ በልኩ የተሠራ ደራሽ ነው። ደራሽ ውሃን የሚፈራ እንጂ የሚቀጥር ሰው አይበዛም፤ ዋይት ግን ቀን ሰጠው። በሩ ሲከፈት ከላይ የሚጠብቁት ባለ አራት ማዕዘን የሳንቃ ሳጥኖች፣ እርስ በርስ በማጠፊያ ተቀጣጥለው፣ ከሰል ተሸክመው በማዕበሉ ጀርባ ላይ ይወርዳሉ። በ1820 በዚህ መንገድ 365 ቶን ከሰል ፊላዴልፊያ ገባ። ትንሽ ነው፤ ግን በቂ ነበር፤ ከዚያም እያደገ ሄደ።

ችግሩ ማዕበል ወደ ላይ የማይሄድ መሆኑ ነው። ሳጥኖቹ ፊላዴልፊያ ሲደርሱ ይፈርሳሉ፤ ሳንቃው ይሸጣል፤ ብረታ ብረቱ ብቻ ለሚቀጥለው ሳጥን በየብስ ይመለሳል። አንድ ጭነት ከሰል በወረደ ቁጥር ከሸለቆው ዳር የቆመ ዛፍ አብሮት ይወርድ ነበር። ከጉድጓዱ ከሚወጣው ከሰል ይልቅ የሚያልቀው ጫካ ዋይትንና ሸሪኮቹን ያሳሰባቸው ይመስለኛል፤ የሚያሳስብም ነው።

ስለዚህ ቦዩ ተቆፈረ። ኤሪ ቦይ ላይ የሠራው መሐንዲስ ካንቫስ ዋይት (ከጆሳያ ጋር ስማቸው ቢገጥምም ዘመዱ አልነበረም) ንድፉን አወጣ፤ በ1829 ከሞክ ቸንክ እስከ ኢስተን 74 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድ ለጀልባ ተከፈተ። በከፊል በወንዙ ግድቦች ኋላ በተኛው ውሃ፣ በከፊል በጎን በተቆፈረ ቦይ የሚሄድ ነው። ቁልቁለቱ በድንጋይ ክፍሎች ተከፋፈለ፤ ጀልባዋ ገብታ በሩ ከተዘጋባት በኋላ ውሃው ቀስ ብሎ ይጎድላል ወይም ይሞላል፤ እሷም አብራ ትወርዳለች ወይም ትወጣለች። ከሦስት ዓመት በኋላ ከኢስተን ብሪስቶል የሚደርሰው የዴላዌር ቦይ ሲከፈት ከሰሉ ከማዕድኑ እስከ ፊላዴልፊያ ድረስ የሚሄድበት መስመር ተሟላ።

ደራሹ ቀረ፤ በቦታው የበቅሎ እርምጃ ገባ። ሁለት በቅሎዎች፣ ገመድ፣ በቦዩ ዳር የሚሄድ ብዙ ጊዜ ልጅ የሆነ ነጂ፤ ጀልባዋ ላይ መሪውን የያዘ አባት፤ አንዳንዴም እናትና ታናናሾቹ። ወደ በሩ ሲቃረቡ የባሕር ቀንድ አውጣ ቅርፊት ይነፋሉ፤ በር ጠባቂው እንዲነሳ። የልጁን እግር ሳስበው ቦዩ የሚመስለኝን ያህል የተረጋጋ ቦታ አይሆንልኝም። በቀን ለብዙ ሰዓታት የሚሄድ፣ ትምህርት ቤት የሚገባው ቦዩ በበረዶ ሲዘጋ ብቻ የሆነ ልጅ ነው።

በቅሎዎቹ ደህና ውለታ ያገኙበት ቦታ ተራራው ላይ ነው። በ1827 የዋይትና የሸሪኮቹ ኩባንያ ከማዕድኑ እስከ ሞክ ቸንክ 14 ኪሎ ሜትር ያህል ሐዲድ ዘረጋ። ከሰል የጫኑት ፉርጎዎች በገዛ ክብደታቸው ቁልቁል ይንደረደራሉ፤ በቅሎዎቹም ባዶውን ፉርጎ ሊመልሱ ስለሚያስፈልጉ በራሳቸው ፉርጎ ተሳፍረው አብረው ይወርዳሉ። አንድ ጊዜ መሳፈር የለመደች በቅሎ ከዚያ በኋላ በእግሯ ውረጂ ብትባል አሻፈረኝ ትል ነበር። ጥበብ አላት ብዬ አምናለሁ።

ቦዩ ብረትም ወለደ። ዌልሳዊው ዴቪድ ቶማስ በ1840 ካታሳኳ ላይ፣ በቦዩ ዳር ባቆመው ምድጃ በአንትራሳይት ብረት ማቅለጥ ጀመረ፤ ነፋሱን የሚነፋው መሣሪያ የሚንቀሳቀሰውም በዚያው ቦይ ውሃ ነበር። በ1855 በቦዩ የተጓዘው ጭነት ከአንድ ሚሊዮን ቶን በላይ ሆነ። በዚያው ዓመት የኤሳ ፓከር ባቡር ከሞክ ቸንክ ኢስተን ገባ። ፓከር ራሱ የጀልባ ሠሪና የጀልባ ባለቤት የነበረ ሰው ነው፤ ሀብቱን ያገኘበትን ውሃ የሚቀማ ሐዲድ በወንዙ ዳር ዘረጋ።

አሁን ወደ ላይኛው ገደል ልመለስ፤ ሳልነግራችሁ ያለፍኩት እዚያ ነው። በ1838 ኩባንያው ቦዩን ከሞክ ቸንክ ወደ ላይ እስከ ዋይት ሄቨን አሳድጎት ነበር። በ42 ኪሎ ሜትር ውስጥ 20 ግድብና 29 የጀልባ በር፤ አንዳንዱ በር ጀልባን 9 ሜትር ያነሳል። በዘመኑ የሚያህለው ጥቂት ነበር። ነገር ግን 20 ግድብ ማለት በአንድ ገደል ውስጥ አንዱ ከአንዱ ራስ በላይ የተንጠለጠለ 20 የተጠራቀመ ውሃ ነው። በጁን 1862 ከባድ ዝናብ ወረደ። ከላይ በወንዙ ላይ ታስሮ የነበረው የእንጨት ግንድ ክምር ከማሰሪያው ተበጥሶ ግድቦቹን መታ፤ የፈረሰው ግድብ ውሃ በሚቀጥለው ላይ ተደመረ፤ የሚቀጥለውም በሚቀጥለው ላይ። ውሃ እያሳሳቀ ይወስዳል ይባላል፤ ይሄኛው ግን አላሳሳቀም። ቤት፣ ጀልባ፣ ብዙ ሰው ጠርጎ ሄደ።

ከዋይት ወጥመድ የሚለየው ምኑ ነው? አሠራሩ ያው ነው፤ ውሃ ይጠራቀማል፣ በር ይከፈታል፣ ማዕበሉ ይወርዳል። ልዩነቱ በሩን የከፈተው ሰው አለመሆኑና ቀጠሮ አለመኖሩ ነው። ዋይት ይህን አላየም፤ በ1850 ሞቷል። የላይኛው ክፍል ዳግመኛ አልተሠራም፤ ኩባንያው በባቡር ተካው። የታችኛው ቦይ ግን ተጠግኖ፣ በቅሎዎቹ ከባቡሩ ፉጨት ጎን ለጎን እየሄዱ፣ እስከ 1930ዎቹ መጀመሪያ ከሰል አመላለሰ። ባቡሩ ያላሸነፈው ሳይሆን ለመጨረስ ያልቸኮለበት ነበር ማለት ይቀላል።

በ1961 የአሜሪካ ጦር መሐንዲሶች ከዋይት ሄቨን በላይ የፍራንሲስ ዋልተር ግድብን አቆሙ። የተሠራው ጎርፍ ለመከላከል ነው፤ የ1862 ዓይነቱን። ዛሬ ግን ሌላም ሥራ አለው። በተወሰኑ ቀናት፣ አስቀድሞ በወጣ የቀን መቁጠሪያ መሠረት፣ የተጠራቀመው ውሃ ይለቀቃል፤ በጎማ ጀልባ ከገደሉ ጋር መታገል የሚወዱ ሰዎች ቀኑን ጠብቀው ይመጣሉ፤ ከ1838ቱ ቦይ የበር ድንጋዮች አጠገብ እየጮሁ ያልፋሉ። ከሰል የለም፤ ማዕበሉ ግን አለ፤ ደንበኛም አለው። ዋይት ይህን ቢያይ ምን ይል ነበር ብዬ አልጨነቅም። መጀመሪያ የሚጠይቀው በሩ እንዴት እንደሚከፈት ነው።