ጊዜያዊው ማን ነው?

ከጎንደር ተነሥቶ በአዘዞ፣ በአይከል፣ በገንዳ ውኃ አድርጎ መተማ ዮሐንስ የሚገባው አውቶቡስ፣ መንገዱ ሰላም እስከሆነ ድረስ ነገም ይሄዳል፣ ከነገ ወዲያም ይሄዳል። በሩ ላይ ተንጠልጥሎ ሒሳብ የሚቀበለው፣ ጣራ ላይ ወጥቶ ዕቃ የሚያስረው ረዳት ግን «ጊዜያዊ ነው» ይባላል። ለመሆኑ ጊዜያዊው ማን ነው? ሥራው ነው ወይስ ሰውየው? ጥያቄውን ለቃላት ጨዋታ አላነሣነውም፤ የሰው እንጀራ ተንጠልጥሎበታልና።

በዚህ ረገድ ሕጉ ከብዙ አሠሪ ይልቅ ፈላስፋ ነው ብንል አላጋነንም። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156 በአንቀጽ 9 ማንኛውንም የሥራ ውል ላልተወሰነ ጊዜ እንደተደረገ ይቆጥረዋል። ለተወሰነ ጊዜ የሚሆነው በአንቀጽ 10 ከተዘረዘሩት ምክንያቶች አንዱ ሲኖር ብቻ ነው። በድንገት ባዶ የሆነ መደብ ላይ ሰው ለጊዜው ይቀመጥ ቢባል እንኳ ከ45 ቀን አያልፍም፤ ያውም አንዴ ብቻ። እንግዲህ በየሦስት ወሩ ወረቀት እያሳደሰ ዓመታት የነዳ ሾፌር ወይም ትኬት ቆራጭ ፍርድ ቤት ቢቆም፣ ዳኛው መመርመር ያለበት የወረቀቱን አርእስት ሳይሆን የሥራውን ባሕርይ ነው። (ቀጠሮ ለዋለበት ጊዜ ከክፍያ ጋር ፈቃድ ይሰጠዋል። ይህንንስ ሕጉ አስቦለታል።)

ነገሩ ግን እንዲህ ተብሎ አያልቅም። የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ2006 በኡማ ዴቪ ጉዳይ ሲፈርድ፣ በመንግሥት መሥሪያ ቤት በጊዜያዊነት ለረጅም ጊዜ መሥራት ብቻውን ቋሚ የመሆን መብት አያስገኝም አለ። ምክንያቱም ንቀት አልነበረም፤ በማስታወቂያ ተወዳድሮ ሊገባ የሚጠብቅ ሌላ ሰው ውጭ አለ፣ በሩ በጓሮ ከተከፈተ የእርሱ ዕድል ይሰረቃል የሚል ነው። ታዲያ ያ ውጭ የቆመው ማን ነው? እኛ ነን! ነገ ተመርቀን ማስታወቂያ ሰሌዳ ሥር የምንጋፋው እኛው። ክርክሩ የሚጠቅመን ቢሆንም አልተዋጠልንም። ሰውየው 10 ዓመት በርካሽ ሲሠራ ትዝ ያላለው ውድድር፣ መብቱን የጠየቀ ዕለት ብቻ ለምን ትዝ ይላል? ጓሮውን የከፈተው አሠሪው ነው፤ በገባው ሰው ላይ የሚዘጋውም እርሱ ነው። ያው ፍርድ ቤት ራሱ እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 2024፣ መሥሪያ ቤቶች የኡማ ዴቪን ፍርድ ለረጅም ጊዜ ያገለገሉ ሠራተኞችን መብት መከልከያ እያደረጉት ነው ሲል ወቅሷል።

እኛን ከሁሉ የሚያስቸግረን የቆላው ነገር ነው። ክረምት በገባ ቁጥር ከደጋው ብዙ ሺህ ሰው ወደ መተማና ቋራ እርሻዎች ይወርዳል፤ ሰሊጥ ያርማል፣ ቆይቶም ያጭዳል። ሰሊጥ ደግሞ አይጠብቅም፤ አጨዳው ከዘገየ ቆባው ይከፈትና ፍሬው መሬት ላይ ይረግፋል። ወባው አለ፣ ካላዛሩ አለ። ይህ ሰው እንደ ረዳቱ ፍርድ ቤት ልሂድ ቢል አንቀጽ 10 ፊቱን ያዞርበታል፤ ከአሠሪው ቋሚ ሥራ ጋር የተያያዘ፣ ነገር ግን በዓመቱ በተወሰነ ወቅት ብቻ የሚሠራና በየዓመቱ የሚደጋገም ሥራ ለተወሰነ ጊዜ ውል ይደረግበታል ይላልና። ሕጉ መደጋገሙን አይቷል ማለት ነው፤ አይቶም ጊዜያዊ አለው። እስቲ እንጠይቅ፦ ክረምት ጊዜያዊ ነው የሚል ገበሬ ማን ያውቃል?

እርግጥ ባለ እርሻው በጥር የሚታረም አረም የለኝም ቢል እውነቱን ነው፤ ያልተሠራ ሥራ ደመወዝ ይክፈል አንልም። ግን ቋሚነት ማለት ዓመቱን ሙሉ መከፈል ብቻ ነው ያለው ማነው? እስፓኝ እ.ኤ.አ. በ2021 መጨረሻ ባወጣችው የሥራ ሕግ ማሻሻያ፣ የወቅት ሠራተኛው ቋሚ ሆኖ፣ ወቅቱ ሲደርስ በተራው እንዲጠራ አድርጋለች። መሀል ላይ ሥራ የለም፤ ውሉ ግን አለ። ካልተጠራ ይከሳል።

ይህ በመተማ ይሁን ቢባል የመጀመሪያው ሥራ ስም መጻፍ ነው። ዛሬ ብዙው አራሚ በደላላ በኩል «ይህን ያህል ሰው» ተብሎ ተቆጥሮ ነው እርሻ የሚገባው።