ስለ ትንሿ የተራራ ተክልና ስለ ፍቅር ልክ

ሰው ለሚወደው ነገር አብዝቶ ሊሰጥ ይገባዋልን? ብዙዎቻችን ሳናስብ «አዎን» እንላለን። ነገር ግን በዚህ በናይሮቢ ከተማ በየበረንዳው በሸክላ ዕቃ ተተክላ የምትታየውን ትንሽ የተራራ ተክል ስንመለከት፥ መልሱ እንደዚያ የቀለለ ሆኖ አላገኘነውም።

ቅጠላቸው ወፍራም፥ ውኃም የሚያከማች እነዚህን ተክሎች የደጋ ሰው ሁሉ ያውቃቸዋል፤ እሬትና እንዳሁላ ከእነርሱ መካከል ናቸው። በስሜን ተራሮች ዓለት ላይ የምትበቅል አንዲት ትንሽ ደግሞ አለች። ቅጠሎቿ እንደ ጽጌረዳ ክብ ሠርተው የተደረደሩ ናቸው፤ ሊቃውንትም በአገሯ ስም አፍሮቪቬላ ሴሚየንሲስ ብለው ይጠሯታል። በኬንያ ተራሮችም የዚህች ዘመዶች በዓለት ስንጥቅ ውስጥ፥ አፈር ከማይባል አፈር ላይ፥ ቆመው ይታያሉ።

የዚህ ወገን ተክሎች ብዙዎቹ አኗኗራቸው የሚያስደንቅ ነው። ሌሎች ዕፀዋት በቅጠላቸው ላይ ያሉትን ረቂቅ ቀዳዳዎች ቀን ይከፍታሉ፤ እነዚህ ግን ውኃቸው በፀሐይ እንዳይሰረቅ ቀን ይዘጋሉ። ሌሊት አየሩ ሲቀዘቅዝ ከፍተው የሚያስፈልጋቸውን አየር ይቀበላሉ፥ በአሲድ መልክም ያኖሩታል፤ ሲነጋም ደጃፋቸውን ዘግተው ከውስጥ ባኖሩት ይሠራሉ። ከውጭ ለሚያያቸው ሥራ የፈቱ ይመስላሉ።

እንግዲህ ይህች ተክል ከባሕር ወለል በላይ 1,700 ሜትር ያህል ወደምትገኘው ወደ ናይሮቢ ስትወርድ የሚገድላት ምንድር ነው? ጥላቻ አይደለም፤ ውኃ የያዘ እጅ ነው። የዋህ ሴት ወይም የዋህ ሽማግሌ በየማለዳው «ጠምቷት ይሆናል» እያለ ያጠጣታል፤ ሥሯም ይበሰብሳል። የጠማት ተክል ቅጠሏ ይጨማደዳል፤ ብታጠጧት በጥቂት ቀን ትቃናለች። ውኃ የበዛባት ግን ቅጠሏ ሲለሰልስና ሲገረጣ ከታች ያለው ሥር ብዙ ጊዜ አልቋል። የማጣት ጉዳት ቶሎ ይታያል፥ ይድናልም፤ የመትረፍረፍ ጉዳት ግን ተሰውሮ ይሠራል።

«እንግዲያስ ቸልታ ከፍቅር ይሻላል ማለት ነውን?» የሚል ይኖራል። አይደለም። ከመጋቢት እስከ ግንቦት የሚወርደው ታላቁ ዝናም ሲመጣ ከጣሪያ ጠፈጠፍ የሚያርቃት፥ ሐምሌ ደመናማና ብርዳማ ሲሆን ውኃውን ፈጽሞ የሚቀንስላት ማን ነው? ቸል ያለ ሰው ይህን አያደርግም። ዕቃው ከሥሩ ቀዳዳ ያለው ይሁን፤ የናይሮቢ ቀይ አፈር አንድ እጅ፥ ጠጠርና ሻካራ አሸዋ ሁለት እጅ ይደባለቅ፤ ጥቁር መረሬ ግን አይቅረባት። አፈሩ እስከ ታች ሲደርቅ አጥግቦ ማጠጣት፥ ከዚያም መተው ነው። ዕለት ዕለት እየተመለከቱ እጅን መሰብሰብ ዕለት ዕለት ከማጠጣት ይከብዳል፤ ያላመነ ይሞክረው።

በዚህ ከተማ ልጆቻቸውን የሚያሳድጉ ወገኖቻችንን ስናይ ይህ ነገር ወደ ልባችን ይመጣል። ልጁ ከትምህርት ቤት ስዋሂሊ እየተናገረ ይገባል፤ አባት ደንግጦ ጠዋት ምክር፥ ቀን ተግሣጽ፥ ማታም ስለ አገር ረጅም ትምህርት ያፈስበታል። ልጅ ተክል አይደለም፥ ምሳሌውም እስከ መጨረሻ አይሄድም፤ ልጅ «በቃኝ» ማለት ይችላልና። ነገር ግን ብዙ ጊዜ «በቃኝ» የሚለው በዝምታ ነው፤ አባቱም ዝምታውን እንደ መታዘዝ ይቈጥረዋል።

ሁለተኛ ጥያቄ ደግሞ አለ፤ የወደደ ሰው ከሥፍራዋ ሊነቅላት ይችላልን? በ1940ዎቹና በ1950ዎቹ በናይሮቢ በኮሪንደን ሙዚየም የሠራው የስዊስ ሰው ፒተር ባሊ እነዚህን ተክሎች በምሥራቅ አፍሪካ ሁሉ እየዞረ ሰብስቧል። (ስለ አንበሳይቱ ኤልሳ የጻፈችው ጆይ አዳምሰን አስቀድማ የእርሱ ሚስት ነበረች፤ የአገሩንም አበቦች ትሥል ነበር።) እንዲህ ያለ ሰብሳቢ የነቀለውን የት እንደ ነቀለው ጽፎ ለሁሉ ያኖራል፤ ለመስኮት ጌጥ የሚነቅል ግን በስውር ወስዶ ለብቻው ያኖራል። እኛ ሁለቱን አንድ አናደርጋቸውም። በዘፍጥረት ምዕራፍ ሁለት ለአዳም የተሰጠው ሥራም ሁለት ወገን ነው፤ አንደኛው የእርሻ፥ ሁለተኛው የዘብ ሥራ ነው። ሁለተኛውን ፈጥነን እንረሳዋለን።

«ትንሽ ናት፥ ማን ያያታል?» ማለትም አይረዳም። እ.ኤ.አ. በ2025 በናይሮቢ ሕያዋን ጉንዳኖችን ከአገር ሊያወጡ የተያዙ አራት ሰዎች እያንዳንዳቸው 1 ሚሊዮን የኬንያ ሽልንግ እንዲከፍሉ፥ ካልከፈሉም 12 ወር እንዲታሰሩ ተፈርዶባቸዋል። እሬቶችም ከተለመደው ከእሬት ቬራ በቀር እ.ኤ.አ. ከ1975 ጀምሮ በሚሠራው ዓለም አቀፍ የንግድ ስምምነት ይጠበቃሉ፤ ኬንያም ኢትዮጵያም የስምምነቱ አባሎች ናቸው። ከአገር ቤት ተክል በሻንጣ ማምጣት ያለ ፈቃድና ያለ ጤና ምስክር ወረቀት አይፈቀድም።

ደግሞም መንቀል አያስፈልግም። ከእናቲቱ ጎን የበቀለችውን ቡቃያ ቈርጦ፥ ቍስሉ እስኪደርቅ ጥቂት ቀን በጥላ አኑሮ መትከል ይበቃል። በንጎንግ መንገድ ዳር ችግኝ የሚሸጡትን ከየት እንዳገኙ መጠየቅ ነውር አይደለም። ሻጩ «ከእናቲቱ ቈርጬ አሳደግኋት» ቢል መልካም ነው፤ «ከተራራ ነቅለው አመጡልኝ» ቢል ግን እኛ ከእርሱ አንገዛም።