ማሽኑና የጠቢቡ እጅ

አንድ ጠቢብ በአንድ ክፍል ብቻውን ተቀምጦ የብዙ ሙዚቀኞችን ሥራ በማሽን ሲሠራ፣ የሚወለደው ድምፅ የማን ነው? በዚያ ሥራ እንጀራቸውን ሊያገኙ ይችሉ የነበሩት ቫዮሊን ተጫዋቾችና ጥሩምባ ነፊዎችስ በድርሰቱ ላይ የሚያነሡት ክስ ይኖራቸው ይሆን? የአሜሪካዊው የፊልም ሙዚቃ ደራሲ የብራድ ፊዴል የሥራ ዘመን ይህን ጥያቄ አጉልቶ ያሳያል።

እ.ኤ.አ. በ1984 ጄምስ ካሜሮን «ተርሚኔተር» የተሰኘውን ፊልም ሲያዘጋጅ በጀቱ 7 ሚሊዮን ዶላር እንኳ አይሞላም ነበር። ታሪኩ ማሽኖች የሰውን ዘር ለማጥፋት ስለሚያካሂዱት ጦርነት ነው። እንግዲህ ማሽን በሰው ላይ ስለሚያደርሰው ጥፋት የሚያስጠነቅቅ ፊልም፣ ሙዚቃውን ያገኘው የኦርኬስትራውን ቦታ ከወሰደ ማሽን ነው ማለት ነው። ምፀቱ የገንዘብ እጥረትን በመጥቀስ ብቻ የሚታለፍ አይደለም።

ይሁንና የአሠራሩን ዝርዝር መመልከት ይገባል። የፊዴል ሲንተሳይዘሮች እርስ በርስ ተሳስረው በአንድ ልክ የሚሄዱ አልነበሩም። ስለዚህ ተደጋጋሚውን ምት በጆሮው እየለካ፣ በጣቱ ከፍቶ በጣቱ ዘጋው። አዘጋጉ ከልኩ በጥቂቱ ቀደመ፤ ማሽኑም ያን ጉድለት ሳይሰለች ይደግመው ጀመር። ምቱ ኋላ ሲቆጠር 13 በ16 ሆኖ ተገኘ፤ ሰሚው እግሩን ሊያሳርፍበት ሲል የሚያመልጠው፣ የሚያሳድድ እንጂ የማያስጨፍር ምት ነው። ለብረቱ ድምፅ ደግሞ ደራሲው የወጥ ቤት መጥበሻ መትቶ ቀዳ።

ማሽኑ መሳሳቱን አላወቀም። ጉድለቱን ሰምቶ «ይቅር» ወይም «ይቆይ» ሊል የሚችለው ሰው ብቻ ነበር፤ ፊዴልም እንዲቆይ ፈረደ። ማሽኑ የሚያሳድዳት ሣራና ሊጠብቃት ከመጪው ዘመን የመጣው ካይል በሚፋቀሩበት ትዕይንት ያው ዜማ በፒያኖ ሲሰማ፣ የገዳይ ግስጋሴ የነበረው ወደ እንጉርጉሮ ይለወጣል። ድርሰቱ የሰው መሆኑን ለሚጠራጠር ይህ በቂ መልስ ነው።

ለሥራ አጡ ቫዮሊን ተጫዋች ግን ይህ መልስ እንጀራ አይሆነውም። ሁለተኛው ክፍል እ.ኤ.አ. በ1991 ሲወጣ ወጪው ወደ 100 ሚሊዮን ዶላር ደርሶ ነበር። ድህነት ከእንግዲህ ምክንያት አይሆንም፤ ፊዴል ግን በአብዛኛው በኤሌክትሮኒክ ድምፁ ጸና። ይህ ስስት ነው የሚል ቢኖር ይሳሳታል። ባሕርይው ርኅራኄ የሌለበት ፍጡር እስትንፋስ የሌለበት ድምፅ ይሻ ነበርና፤ ቫዮሊን ሳይፈልግም ያዝንለታል። እ.ኤ.አ. በ1994 በወጣው «ትሩ ላይስ» ፊልም፣ ጉዳዩ የሰዎች ጀብዱና ቀልድ በሆነበት ጊዜ፣ ያው ደራሲ ኦርኬስትራን ከኤሌክትሮኒክ ድምፅ ጋር አዋህዷል።

የተጫዋቾቹ ክስ በዚህ አይሻርም፤ አድራሻው ይለወጣል እንጂ። ተከሳሹ ማሽኑን ለድርሰቱ ሲል የመረጠው ጠቢብ ሳይሆን፣ የዚህን ጠቢብ ምሳሌ እየጠቀሰ ደመወዝ ለመቆጠብ ሲል ብቻ ማሽን የሚያዝዘው ባለ ገንዘብ ነው።