ስም የማን ነው?

ስም አንድን ሰው ከሌላው ለይቶ ለመጥራት የሚያገለግል ቃል ነው ቢባል ስሕተት አይሆንም። ይሁንና ይህ ትርጓሜ ለመዝገብ ያዥ ይበቃ ይሆናል እንጂ ለጎጃም ገበሬ አይበቃም። ከደብረ ማርቆስ ወደ አዲስ አበባ በሚወስደው መንገድ ላይ በምትገኘው በአምበር አንድ መምህር የተማሪዎቹን ስም ጠርቶ ሲጨርስ፣ ልብ ባይለውም የአርባ ቤተሰብ ታሪክ አንብቦ ጨርሷል። ምትኩ ከእርሱ በፊት የሞተ ሰው አለው፤ ማስረሻ የተወለደው ቤቱ በሐዘን ላይ ሳለ ነው። ይበልጣል ከምን እንደሚበልጥ ስሙ ባይናገር ጎረቤቱ ያውቀዋል። ስማቸው የሚለው አቤቱታ ነው፤ ወላጆቹ ስለ ሐሜተኞች ለፈጣሪ ያቀረቡት። አትንኩት ሲባልም ትእዛዙ ለሕፃኑ ሳይሆን ከአጥር ወዲያ ላለ ሰው ነው።

ከእነዚህ ስሞች አንዳንዶቹ ሙሉ ዓረፍተ ነገሮች ናቸው። ተናጋሪው ግን ስሙን የያዘው ሰው አይደለም። አንዱ የተናገረውን ሌላው ዕድሜውን ሙሉ ይሸከመዋል። ወላጅ የራሱን ሐዘን፣ ምኞትና ቂም አፍ ባልፈታ ሕፃን ላይ የማኖር መብት አለውን?

ጥያቄው እጅግ የሚከብደው ደምመላሽ ከሚለው ስም ላይ ሲደርስ ነው። ይህን ስም የያዘ ሁሉ የቂም ልጅ ነው ማለት አይደለም፤ ለድምፁ ወይም ለጀግንነት መዓዛው ብቻ የሚያወጡት ብዙዎች ናቸው። ነገር ግን አባቱ ወይም አጎቱ ለተገደለበት ልጅ ስሙ ዕዳ ነው። ከብት ሲያግድ፣ ውኃ ሲቀዳ፣ ለማዕድ ሲጠራ ዕዳው ይነገረዋል። ሽማግሌዎች ሁለቱን ወገኖች አቀራርበው፣ ካሳ አስከፍለው፣ ደም ካደረቁ በኋላ እንኳ ልጁ በዚያው ስም መጠራቱን ይቀጥላል። ሰዎቹ ታርቀዋል፤ ስሙ ግን አልታረቀም።

የሌላውን ዓለም ልማድ ማየት ነገሩን ይበልጥ ግልጽ ያደርገዋል። የጥንት ጀርመኖች ስምም በጦርነት የተሞላ ነበር። ጌርሃርድ ጦርና ብርታት ከሚሉ ሁለት ቃላት የተሠራ ነው፤ ሉድቪግ በውጊያ የታወቀ እንደ ማለት ነው፤ ሂልዴጉንድ የተባለችው ሴትማ ሁለቱም የስሟ ክፍሎች ውጊያ ማለት ናቸው። በመካከለኛው ዘመን ከተሞች ሲሰፉ አንድ ስም ብቻውን ሰውን ከሰው መለየት ስላቃተው ሥራው፣ መንደሩ ወይም መልኩ ቅጽል ሆነለት፤ ቅጽሉም ከአባት ወደ ልጅ እየተላለፈ የቤተሰብ ስም ሆነ። በጀርመን እጅግ የተስፋፋው ሙለር ወፍጮ ቤት የሚፈጭ ሰው ነው፤ ሽሚት ደግሞ አንጥረኛ። ከ1974 እስከ 1982 እ.ኤ.አ. የምዕራብ ጀርመን ቻንስለር የነበረው ሄልሙት ሽሚት ሥልጣኑን የለቀቀው ለሄልሙት ኮል ነበር፤ የኮልም ትርጉም ጎመን ነው። አንጥረኛን ጠይብ፣ ቆዳ ሠሪውን ፋቂ እያለ ሲያንቋሽሽ በኖረ ኅብረተሰብ ውስጥ የባላባት ልጅ እንዲህ ያለ ስም እንዲይዝ ማን ይፈቅድ ነበር? ዳሩ ግን ጀርመኑ ሽሚት ብሎ ሲጣራ የመዶሻ ድምፅ አይሰማውም፤ ጌርሃርድ ሲልም ጦር አይታየውም። ስሙ ኖሮ ቃሉ ሞቷል።

ይህ ማለት ግን በዚያ አገር ስም ንጹሕ ነው ማለት አይደለም። የናዚ መንግሥት በ1938 እ.ኤ.አ. ባወጣው ድንጋጌ፣ ስማቸው አይሁዳዊነታቸውን የማይገልጽ ከሆነ ወንዶቹ እስራኤል፣ ሴቶቹ ሣራ የሚል ስም እንዲጨምሩ አስገድዷል። የክብር ስም የነበረው በመታወቂያ ላይ የማሳደጃ ምልክት ሆነ። በኢትዮጵያም ቀደም ባለው ዘመን ከኦሮሞና ከደቡብ ሕዝቦች የተወለዱ ልጆች ትምህርት ቤት ሲገቡ ስማቸው በአማርኛ ስም የተለወጠባቸው ጥቂት አይደሉም። ለዋጩ አብዛኛውን ጊዜ መልካም የሠራ ይመስለው ነበር፤ ልጁ ግን ከእናቱ አፍ አንድ ስም፣ ከመምህሩ አፍ ሌላ ስም እየሰማ አደገ።

ስሙን ራሱ የመምረጥ ዕድል የነበረው በአመዛኙ ዘውድ የጫነ ወይም የመነኮሰ ሰው ነው። ካሣ ቴዎድሮስ፣ ራስ አዳል ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ሆኑ፤ መንቆረርም ደብረ ማርቆስ ተባለች። ተራው ሰው የሰጡትን ይቀበላል፤ አንዳንዴም ይጨመርበታል። ሐዲስ ዓለማየሁ በ1958 ዓ.ም. በታተመው «ፍቅር እስከ መቃብር» ውስጥ ያቆሙት ካሣ ዳምጤ የዘመኑን ልማድ ስለ ነቀፈ ጉዱ ካሣ ተብሎ ቀረ። ክርክሩን መመለስ ያቃተው ኅብረተሰብ ስም አወጣለት።

የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ እያንዳንዱ ሰው የቤተ ዘመድ ስም እንዲኖረው ደንግጎ ነበር፤ ሕዝቡ ግን በራሱና በአባቱ ስም መጠራቱን አልተወም። በዚህ ልማድ ደምመላሽ በልጁ ወረቀት ላይ ሁለተኛ፣ በልጅ ልጁ ላይ ሦስተኛ ሆኖ ይጻፋል፤ ከዚያ ይወጣል። እርግጥ ለጋብቻ ሲባል እስከ ሰባት ቤት በሚቈጠርበት አገር ከወረቀት መውጣት ከአፍ መውጣት አይደለም። ቢሆንም ጀርመኑ ስሙን አቆይቶ ትርጉሙን ሲረሳ፣ ጎጃሜው ትርጉሙን እንደ ያዘ ስሙን ይለቃል። ይህ ግን ለልጅ ልጁ ቢጠቅም እንጂ ለደምመላሽ ለራሱ የሚያቃልልለት ነገር የለም።

እርሱ ሌላ ስም አለው። በአርባ ቀኑ ክርስትና ሲነሣ የተሰጠው ነው፤ ገብረ መድኅን ወይም ወልደ ሚካኤል ሊሆን ይችላል። በገበያም ሆነ በሸንጎ አይጠራበትም፤ የገዛ ልጆቹም ላያውቁት ይችላሉ። በሞተ ቀን ግን ቄሱ በፍትሐቱ ላይ ደምመላሽን አያነሡም። ቤተሰቡን ጠይቀው ያንን ሌላውን ስም ይጠራሉ፤ ለቀብር የመጣውም ጎረቤት ለመጀመሪያ ጊዜ ይሰማዋል።